ጠባቂ የሚሻ የጋራ ሀብት፦ ሶፍትዌር የሚደገፍባቸው ፋይሎች ታሪክ

በዶዮገና፣ በዱራሜም ሆነ በሆሳዕና በኮምፒውተር ጽሕፈት የሚተዳደር ሰው አንድ መልእክት ሳያጋጥመው አይቀርም። አዲስ ሶፍትዌር በፍላሽ ይመጣል፣ ይጫናል፤ ሊከፈት ሲል ግን ትንሽ መስኮት ብቅ ትልና «ኤምኤስቪሲፒ 140 ዲኤልኤል አልተገኘም» ብላ ሥራውን ታቆማለች። የተለመደው ፍርድ ፈጣን ነው፦ «ፎርማት ይደረግ!» ሳይጠነቀቁ ፎርማት ሲያደርጉ ደግሞ የደንበኛ ማመልከቻ፣ የተማሪ ጥናታዊ ጽሑፍና የማኅበር ቃለ ጉባኤ አብረው ይጠፋሉ። ለአንዲት የጎደለች ፋይል ይህን ያህል መክፈል አይገባም። ፋይሏ ለምን እንደምታስፈልግ፣ ከየት እንደመጣችና ማን ሊጠብቃት እንደሚገባ ለማወቅ ከ70 ዓመት በላይ ወደኋላ መሄድ ያሻል።

ዲኤልኤል ብዙ ሶፍትዌሮች በጋራ የሚጠሯቸውን የፕሮግራም ክፍሎች የያዘ ፋይል ነው። በከምባታና በሐዲያ መንደሮች የሐዘን ድንኳን፣ ትልልቅ ድስትና አግዳሚ ወንበር እያንዳንዱ ቤት ለየብቻው አይገዛም። እድሩ ገዝቶ ያስቀምጣል፤ ዕቃ ጠባቂውም ማን እንደወሰደና መቼ እንደመለሰ ይመዘግባል። ሶፍትዌርም እንዲሁ ነው። መስኮት መክፈት፣ ፊደል መሳል፣ ሒሳብ መሥራት፣ ወደ ፕሪንተር መላክ ለሁሉም ስለሚያስፈልጉ በአንድ ቦታ ተቀምጠው ሁሉም ይጠራቸዋል። ዲስክም ሆነ የማስታወሻ ቦታ ይቆጠባል፤ ስህተት ሲገኝም አንዱን ማረም ሁሉንም ያድናል።

ከወረቀት ጥብጣብ እስከ ዊንዶውስ

ሐሳቡ ቀድሞ በተግባር ከዋለባቸው ቦታዎች አንዱ ካምብሪጅ ዩኒቨርሲቲ ነው። እ.ኤ.አ. በግንቦት 1949 ሥራ የጀመረው ኤድሳክ የተባለው ኮምፒውተር መጀመሪያ የነበረው ማስታወሻ 512 ቃል ብቻ የሚይዝ ነበር። ሞሪስ ዊልክስ፣ ዴቪድ ዊለርና ስታንሊ ጊል ተደጋግመው የሚያስፈልጉ ስሌቶችን በወረቀት ጥብጣብ ላይ አስበስተው አከማቹ። ክምችቱ እ.ኤ.አ. በ1951 ወደ 87 ደርሶ ነበር። ፕሮግራም የሚጽፍ ሰው የሚፈልገውን መርጦ በራሱ ጥብጣብ ላይ ይገለብጣል። ቅጂው ግን የየግሉ ነበርና፣ በዋናው ላይ የታረመ ስህተት አስቀድሞ በተገለበጠው ላይ እንዳለ ይቀራል።

እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹ አጋማሽ ኤምአይቲ፣ ቤል ላብስና ጄኔራል ኤሌክትሪክ በጋራ የጀመሩት መልቲክስ ቀጣዩን እርምጃ ወሰደ፤ ፕሮግራሙ የሚፈልገውን ክፍል ሲሠራ ሳለ ፈልጎ እንዲያገናኝ አደረገ። ይህን አሠራር ወደ ተራው ሰው ጠረጴዛ ካደረሱት አንዱ እ.ኤ.አ. በኅዳር 1985 የወጣው የመጀመሪያው ዊንዶውስ ነው። ያ ዊንዶውስ በ256 ኪሎባይት ማስታወሻ እንዲሠራ የተዘጋጀ ስለነበር መጋራት የግድ ነበር። ከርነል፣ ዩዘርና ጂዲአይ የተባሉ ሦስት የጋራ ፋይሎች ተሸከሙት፤ አንዱ ማስታወሻውን፣ ሁለተኛው መስኮቱን፣ ሦስተኛው ሥዕሉን።

ጠባቂ ያጣ ክምችት

ችግሩ የመጣው የሶፍትዌር ሻጮች ሲበዙ ነው። እ.ኤ.አ. በ1990ዎቹ እያንዳንዱ ሶፍትዌር ሲጫን የራሱን ዲኤልኤል በዊንዶውስ የጋራ ፎልደር ውስጥ ያስቀምጣል፤ አንዳንዱም አዲሱን እትም በአሮጌ ይተካል። ዛሬ የተጫነ ጨዋታ ትናንት በደህና ይሠራ የነበረውን የሒሳብ ሶፍትዌር ያቆመዋል። ባለሙያዎች ዘመኑን «የዲኤልኤል ገሃነም» ሲሉት ኖረዋል። ኮምፒውተሩ አልተበላሸም፤ የጋራውን ክምችት ማንም የፈለገው እየገባ ሲለዋውጠው ከልካይ አልነበረም እንጂ።

ማይክሮሶፍት በዊንዶውስ 2000 የሥርዓቱን ፋይሎች ከመተካት የሚከላከል ጥበቃ አስገባ። እ.ኤ.አ. በ2001 በወጣው ኤክስፒ ደግሞ የአንድ ላይብረሪ፣ ማለትም የአንድ የጋራ ፋይል፣ የተለያዩ እትሞች ጎን ለጎን እንዲቀመጡ ፈቀደ። በሊኑክስ ዓለም እ.ኤ.አ. በ1993 የተመሠረተው ደቢያን ሌላ መንገድ መረጠ፤ እያንዳንዱ ጥቅል የሚፈልጋቸውን ሌሎች ጥቅሎች በግልጽ ያስመዘግባል፣ ለእያንዳንዱም ስሙ የታወቀ ኃላፊ ይመደባል።

መመዝገብ ብቻውን ግን አይበቃም። እ.ኤ.አ. በመጋቢት 2024 አንድሬስ ፍሮይንድ የተባሉ የማይክሮሶፍት መሐንዲስ ወደ ሊኑክስ ኮምፒውተር መግባት ግማሽ ሰከንድ ያህል እንደዘገየባቸው አስተዋሉ። ምክንያቱን ሲከታተሉ ኤክስዜድ በተባለው የፋይል ማመቂያ ላይብረሪ ውስጥ ሆን ተብሎ የተቀበረ የጓሮ በር አገኙ። ላይብረሪውን ለዓመታት የተሸከሙት በነጻ የሚሠሩ አንድ ሰው ነበሩ፤ አጥቂው በረዳትነት ተጠግቶ፣ አመኔታ አግኝቶ፣ የኃላፊነቱ ተካፋይ ሆነ። ዓለም የተደገፈበትን የጋራ ሀብት ጥበቃ በአንድ የደከመ ሰው ጫንቃ ላይ መተው ምን ያህል አደገኛ እንደሆነ ከዚህ የበለጠ ማስረጃ አያስፈልግም።

ፊደላችን የጋራ የሆነበት መንገድ

ይህ ታሪክ የሩቅ አገር ብቻ አይደለም። የግዕዝ ፊደል ወደ ኮምፒውተር ሲገባ ያው ፈተና ገጥሞታል። የዚያን ጊዜ ፎንት 256 ቦታ ብቻ ነበረው፤ የእኛ ፊደል ከነዲቃሎቹና ከነቁጥሮቹ ከ300 ይበልጣል። አንዱ ሠሪ ፊደሉን በሁለትና በሦስት ፎንት ከፋፈለው፤ ሌላው የፊደሉን አካልና ቅጥያ ለያይቶ ገጣጠመው። ሁሉም በየራሱ ቁጥር ስላስቀመጠ በአንዱ ሶፍትዌር አዲስ አበባ የተጻፈ ደብዳቤ፣ ያ ፎንት በሌለው የሆሳዕና ኮምፒውተር ላይ የላቲን ፊደላትና የሥርዓተ ነጥብ ዝብርቅርቅ ሆኖ ይከፈታል። የጎደለ ፎንትና የጎደለ ዲኤልኤል አንድ ዓይነት ችግር ናቸው፤ ሰነዱ የሚደገፍበት ፋይል ሳይኖር ሰነዱ ብቻውን ተጓጉዟል።

መፍትሔው የመጣው ፊደሉን የጋራ ለማድረግ ከደከሙ ሰዎች ነው። እ.ኤ.አ. በ1990ዎቹ ዳንኤል ያዕቆብና ይትና ፍርድይወቅ ሴራ የተባለውን፣ ግዕዝን በላቲን ፊደላት የመወከያ ሥርዓት ነደፉ። ዳንኤል ሊብኤት የተባለ፣ ማንኛውም ፕሮግራመር ሊጠራው የሚችል የግዕዝ ጽሑፍ ላይብረሪም ሠርተዋል። ዩኒኮድ ለዓለም ፊደላት የጋራ ቁጥር የሚሰጥ መስፈርት ነው፤ እ.ኤ.አ. በመስከረም 1999 የወጣው እትሙ 3.0 ለ345 የግዕዝ ምልክቶች ቋሚ ቁጥር ሰጠ። ከዚያ ወዲህ «ሀ» በየትኛውም አገር፣ በየትኛውም ኮምፒውተር አንድ ቁጥር ነው።

ፍሬው እ.ኤ.አ. በ2007 መጀመሪያ ለገበያ በቀረበው ዊንዶውስ ቪስታ ታየ፤ ኒያላ የተባለውን ፎንትና የአማርኛ መጻፊያ ይዞ መጣ። መጻፊያው የሚሠራው «ቴብል ቴክስት ሰርቪስ» በተባለ ዲኤልኤል ነው። ይኸው ፋይል በቻይና የሚኖረውን የዪ ሕዝብ ጽሕፈት፣ በኋላም ትግርኛን ያስተናግዳል፤ ለየቋንቋው የሚለየው አጠገቡ የተቀመጠው የፊደል ሰንጠረዥ ብቻ ነው። በሊኑክስ ደግሞ የሴራ አጻጻፍ በጃፓን ባለሙያዎች በተሠራው ኤም17ኤን ላይብረሪ ውስጥ ገብቶ ያገለግላል። ዛሬ በዶዮገና የሚሠራ ጸሐፊ የመሥሪያ ቤት ደብዳቤ በአማርኛ፣ የከምባትኛ ጽሑፍ ደግሞ በላቲን ፊደል በአንድ ገጽ ላይ ሲጽፍ ሁለቱንም የሚስሉለት እነዚሁ የጋራ ፋይሎች ናቸው። ፊደላችን በየሶፍትዌሩ ታጥሮ ቢቀር ኖሮ ይህ አይሆንም ነበር።

ለዶዮገና የሚበጀው

ስለዚህ መልእክቱ ሲመጣ መጋራትን መጥላትም፣ ፎርማት ማድረግም አያስፈልግም። ኤምኤስቪሲፒ 140 እና ቪሲራንታይም 140 የሚባሉት ፋይሎች የሚመጡት ማይክሮሶፍት በነጻ ከሚያድለው የቪዡዋል ሲ++ ጥቅል ጋር ነው። ለ64 ቢት የሚሆነው ከ30 ሜጋባይት ያነሰ ነው። ሶፍትዌሩ ባለ32 ቢት ከሆነ በ64 ቢት ዊንዶውስ ላይም ቢሆን የ32 ቢቱን ጥቅል ይፈልጋል፤ ስለዚህ ሁለቱንም መጫን ይበጃል።

ነጠላዋን ዲኤልኤል ከማይታወቅ ድረ ገጽ አውርዶ መለጠፍ ግን መወገድ ያለበት ልማድ ነው። ዲኤልኤል በጠራው ሶፍትዌር ፈቃድ ሁሉ ይሠራል፤ ቫይረስ ከያዘ የሶፍትዌሩ ሥልጣን የእሱ ይሆናል። ዊንዶውስ አብዛኛውን ጊዜ መጀመሪያ የሚፈልገው በሶፍትዌሩ የራሱ ፎልደር ውስጥ ስለሆነ እዚያ የተለጠፈ አሮጌ ቅጂ ትክክለኛውን ይጋርዳል። በ64 ቢት ዊንዶውስ ደግሞ ሲስተም 32 የሚባለው ፎልደር የያዘው ባለ64 ቢት ፋይሎችን፣ ሲስዋው 64 የሚባለው ባለ32 ቢቶቹን ነው፤ በስማቸው ተመርቶ የለጠፈ ይሳሳታል። አንቲቫይረስ ፋይሏን አንስቶ ከሆነም መጀመሪያ ለምን እንዳነሳት መጠየቅ ይገባል፤ በክራክ የተከፈተ ሶፍትዌር ይዞት የመጣ ዲኤልኤል ብዙ ጊዜ የሚታገደው ያለ ምክንያት አይደለም።

ኔትወርክ በሚቆራረጥበት አካባቢ ሁሉም ከኢንተርኔት ያውርድ ማለት ምክር አይሆንም። የሚያስፈልገው በቅርብ የሚገኝና የሚታመን ክምችት ነው። በሆሳዕና ዋቸሞ ዩኒቨርሲቲ አለ፤ በየከተማው የቴክኒክና ሙያ ተቋማትና የወረዳ ጽሕፈት ቤቶች አሉ። ከእነዚህ አንዱ የቪዡዋል ሲ++ን፣ የዶትኔትን፣ የዩኒኮድ ፎንቶችንና የፕሪንተር ድራይቨሮችን ዋና ጥቅሎች ከሠሪዎቻቸው አውርዶ፣ የወጡበትን ቀን ጽፎ፣ በየጊዜው እያደሰ ለጽሕፈት ቤቶች ቢያድል የብዙ ሰው ሥራ ከጥፋት ይድናል። ወጪው አንድ ሃርድ ዲስክ ነው። ከሁሉ በላይ የሚፈልገው ስሙ የተጻፈ፣ ተጠያቂ የሆነ ሰው ነው፤ ከኤድሳክ እስከ ኤክስዜድ ያለፈው ታሪክ የጋራ ፋይሎች ያለ እንዲህ ያለ ሰው እንደማይዘልቁ አሳይቷልና፣ ዶዮገናም ክምችቱን ስትጀምር መጀመሪያ መሰየም ያለባት እሱን ነው።