ድምፅ የሌለው ፊት፣ ፊት የሌለው ድምፅ

ቫልደማር ፕሲላንደር የተባለው የዴንማርክ ተዋናይ ወደ ሲኒማ ሥራ የገባው ፊልም ገና መናገር ባልጀመረበት ዘመን ነበር። በአውሮፓውያን አቈጣጠር ከ1911 እስከ 1916 ድረስ ኖርዲስክ ለተባለው ኩባንያ ከሰማንያ በሚበልጡ ፊልሞች ተጫወተ። ፊት አስተርጓሚ አያሻውምና ዝናው እስከ ሩስያ ደረሰ። በ1917 ሲሞት ዕድሜው ገና 32 ዓመት ነበር።

በአገራችን ደግሞ የዚህ ተቃራኒ የሆነ ዕድል የገጠመው ከያኒ ወጋየሁ ንጋቱ ነው። በመድረክ የታወቀ ቢሆንም፣ በመርሐቤቴ ዓለም ከተማ ተቀምጦ የአዲስ አበባን ቴአትር ለማየት ያልታደለ ሰው የሚያውቀው በድምፁ ነው። ክቡር ሐዲስ ዓለማየሁ በ1958 ዓ.ም. ያሳተሙትን «ፍቅር እስከ መቃብር» በኢትዮጵያ ሬዲዮ በተረከ ጊዜ፣ ፊደል ያልቈጠረ አድማጭ ሳይቀር በዛብህንና ሰብለ ወንጌልን እንደ ጎረቤቶቹ ዐወቃቸው።

የደራሲ ሥራ በወረቀት ላይ ይቀራል፤ የተዋናይ የመድረክ ጨዋታ ግን ካዩት ሰዎች ጋር ያልፋል። ፕሲላንደርን ለዛሬ ያደረሰው ተጠብቆ የቈየ ፊልም ነው፤ ወጋየሁንም ለነገ የሚያደርሰው ድምፁ የተቀረጸበት ክር ነው። ስለዚህ ይህ ክር በእጁ የሚገኝ ሁሉ፣ መሥሪያ ቤትም ቢሆን ግለሰብ፣ የያዘው የአገር ቅርስ መሆኑን ሊዘነጋ አይገባውም።