የቪዲዮ ጌም ስክሪን ቀረጻ

የቪዲዮ ጌም ስክሪን ቀረጻ ማለት በኮምፒዩተር ላይ የሚካሄድን ጨዋታ ምስልና ድምፅ፣ ጨዋታው እየተካሄደ ሳለ፣ በቪዲዮ ፋይል ማስቀመጥ ነው። ቀረጻው ጨዋታን ለማስተማር፣ ለተመልካች ለማሳየት፣ የጌሙን ስህተት ለሠሪዎቹ ለማሳወቅ፣ እንዲሁም ውጤትን ለማስመስከር ያገለግላል። ጌምን በአጭር ጊዜ የመጨረስ ውድድር ላይ በርካታ የውጤት ሰሌዳዎች ቪዲዮ ስለሚጠይቁ፣ ቀረጻው ከተበላሸ ውጤቱም ሳይመዘገብ ሊቀር ይችላል።

ከተለመዱት የቀረጻ ችግሮች መካከል ጥቁር ስክሪን፣ የምስል መቆራረጥ፣ የድምፅ መጥፋት ወይም ከምስሉ ጋር አለመግጠም፣ እና የማይከፈት ፋይል ይገኙበታል። ቀረጻ አራት ደረጃዎችን ያልፋል፤ ምስሉን ከጌሙ መውሰድ፣ ማመቅ፣ በዲስክ ላይ መጻፍ እና መልሶ ማጫወት ናቸው። አብዛኛው ችግር ከእነዚህ በአንዱ ላይ ስለሚፈጠር፣ መፍትሔ ከመሞከር በፊት የተሰናከለውን ደረጃ መለየት ያስፈልጋል።

ታሪክ

በቀድሞ ዘመን የነበሩ ኮምፒዩተሮች ጌም እያጫወቱ ቪዲዮ ለመቅረጽ አቅም አልነበራቸውም። ስለዚህ በ1993 እ.ኤ.አ. የወጣው ዱም የተሰኘው ጌም ምስሉን ሳይሆን የተጫዋቹን ትእዛዞች ብቻ ይመዘግብ ነበር። ፋይሉ በጣም ትንሽ ቢሆንም፣ መልሶ የሚታየው ራሱ ጌሙ ባለበት ኮምፒዩተር ላይ ብቻ ነው፤ የጌሙ እትም ከተለየም ድግሙ ከመጀመሪያው ጨዋታ ሊያፈነግጥ ይችላል።

በ1999 እ.ኤ.አ. የወጣው ፍራፕስ በዊንዶውስ ላይ የጌምን ምስል በቀጥታ ወደ ቪዲዮ ፋይል በመቅረጽ ታወቀ። በ2012 እ.ኤ.አ. ኦቢኤስ የተባለው ነጻ ሶፍትዌር ለሕዝብ ቀረበ። ተተኪው ኦቢኤስ ስቱዲዮ በዊንዶውስ፣ በማክና በሊኑክስ ላይ ይሠራል። በ2013 እ.ኤ.አ. ኤንቪዲያ ሻዶውፕሌይን አወጣ፤ ይህ ፕሮግራም ያለፉትን ጥቂት ደቂቃዎች ዘወትር እየያዘ፣ ተጫዋቹ ሲፈልግ ብቻ በፋይል ያስቀምጣቸዋል። በ2015 እ.ኤ.አ. የወጣው ዊንዶውስ 10 ደግሞ ጌም ባር የተባለ መቅረጫ አብሮት መጣ። ይህ መቅረጫ የዊንዶውስ ቁልፍንና ጂ የተባለውን ፊደል አብሮ በመጫን ይከፈታል።

አሠራር

ስፋቱ 1920፣ ቁመቱ 1080 ፒክሰል የሆነ ስክሪን በጠቅላላ 2,073,600 ፒክሰሎች አሉት። ለእያንዳንዱ ፒክሰል 3 ባይት ቢያዝና በሰከንድ 60 ፍሬም ቢቀረጽ፣ ያልታመቀው መረጃ በሰከንድ 373 ሜጋባይት ያህል ይሆናል። የአንድ ሰዓት ጨዋታ ከ1.3 ቴራባይት በላይ ቦታ ይፈልጋል ማለት ነው። ስለዚህ ምስሉ በሚቀረጽበት ቅጽበት መታመቅ አለበት። በሰከንድ 40 ሜጋቢት እንዲሆን ቢታመቅ በሰከንድ 5 ሜጋባይት፣ በሰዓት 18 ጊጋባይት ይሆናል።

ምስሉን የሚያምቀው ክፍል ኢንኮደር ይባላል። ኢንኮደሩ ሁለት ዓይነት ነው። የመጀመሪያው በኮምፒዩተሩ ፕሮሰሰር ላይ የሚሠራ ሶፍትዌር ሲሆን፣ ጌሙም ያንኑ ፕሮሰሰር ስለሚጠቀም ሁለቱ ይሻማሉ። ሁለተኛው በግራፊክስ ካርዱ ወይም በፕሮሰሰሩ ውስጥ ለዚሁ ሥራ ብቻ የተሠራ ክፍል ነው። የኢንቴሉ ኩዊክ ሲንክ በ2011 እ.ኤ.አ.፣ የኤንቪዲያው ኤንቬንክ በ2012 እ.ኤ.አ. ወጥተዋል። እነዚህ ክፍሎች የጌሙን ሥራ ብዙም ስለማይነኩ፣ ለጌም ቀረጻ አብዛኛውን ጊዜ ይመረጣሉ።

ጥቁር ስክሪን

ድምፁ ተቀርጾ ምስሉ ጥቁር ከሆነ፣ ችግሩ ያለው በመጀመሪያው ደረጃ ማለትም ምስሉን ከጌሙ በመውሰድ ላይ ነው። መቅረጫ ፕሮግራሞች ምስሉን የሚወስዱት በሦስት መንገድ ነው፤ ከጌሙ በቀጥታ፣ ከአንድ መስኮት፣ ወይም ከመላው ስክሪን። አንዱ ጥቁር ሲሆን ሌላው ሊሠራ ስለሚችል፣ መንገዱን መቀያየር የመጀመሪያው ፈተና ነው። ይህ ካልፈታው የሚከተሉት ምክንያቶች ይታያሉ።

ሁለት ግራፊክስ ያለው ላፕቶፕ፦ ብዙ ላፕቶፖች ከፕሮሰሰሩ ጋር የተያያዘ ደካማ ግራፊክስና ራሱን የቻለ ጠንካራ ግራፊክስ አላቸው። ጌሙ በአንዱ፣ መቅረጫው በሌላው ላይ ሲሠሩ ምስሉ መቅረጫው ዘንድ አይደርስም። ከጌሙ በቀጥታ ለመቅረጽ ሁለቱም በአንድ ግራፊክስ ላይ መሆን አለባቸው። መላውን ስክሪን ለመቅረጽ ግን መቅረጫው ስክሪኑን በሚያንቀሳቅሰው ግራፊክስ ላይ መሆን አለበት፤ ይህም በብዙ ላፕቶፖች ደካማው ነው። ምርጫው በዊንዶውስ 10 እና 11 ሴቲንግ ውስጥ፣ ስለ ዲስፕሌይ በሚገልጸው ክፍል፣ ግራፊክስ በሚለው ገጽ ላይ ይገኛል።

የፈቃድ ልዩነት፦ ጌሙ በአስተዳዳሪ ፈቃድ ተከፍቶ መቅረጫው በተራ ፈቃድ ከተከፈተ፣ መቅረጫው ወደ ጌሙ መድረስ ሊከለከል ይችላል። መቅረጫውንም በአስተዳዳሪ ፈቃድ መክፈት ይህን ያስተካክላል።

የማጭበርበር መከላከያ፦ በኢንተርኔት የሚካሄዱ ጌሞች ሌላ ፕሮግራም ወደ ውስጣቸው እንዳይገባ ይከላከላሉ። መከላከያው መቅረጫውን ከአጭበርባሪ ፕሮግራም ላይለየው ይችላል። በዚህ ጊዜ መከላከያውን ለማጥፋት መሞከር ተጫዋቹን ከጌሙ ሊያሳግደው ስለሚችል፣ በመስኮት ወይም በስክሪን መንገድ መቅረጽ ይሻላል።

መላውን ስክሪን ለብቻው የያዘ ጌም፦ አንዳንድ ጌሞች ስክሪኑን ሙሉ በሙሉ ለራሳቸው ይይዛሉ። በጌሙ ሴቲንግ ውስጥ ጠርዝ በሌለው መስኮት እንዲታይ ማድረግ ችግሩን ብዙ ጊዜ ይፈታዋል።

በማክ ኮምፒዩተር ላይ ከ2019 እ.ኤ.አ. ወዲህ፣ ማለትም ከካታሊና እትም ጀምሮ፣ ስክሪን ለመቅረጽ የባለቤቱ ፈቃድ ያስፈልጋል። ፈቃዱ ለመቅረጫው ካልተሰጠ የሌሎች ፕሮግራሞች መስኮቶች በቀረጻው ላይ አይታዩም። በሊኑክስ ደግሞ ዌይላንድ በተባለው የስክሪን ሥርዓት ላይ ለቀድሞው ኤክስ11 የተሠራው የመቅረጫ መንገድ ስለማይሠራ፣ ፓይፕዋየር የተባለውን መንገድ መምረጥ ያስፈልጋል።

የምስል መቆራረጥ

ምስሉ ቢቀረጽም የሚንቀራፈፍ ወይም የሚዘል ከሆነ፣ አንዱ ክፍል ሥራ በዝቶበታል ማለት ነው። ኦቢኤስ ስቱዲዮ የጠፉ ፍሬሞችን እንደ ምክንያታቸው ለይቶ የሚቆጥርበት የስታቲስቲክስ መስኮት አለው። ቁጥሮቹ ሦስት ሲሆኑ፣ እያንዳንዱ የተለየ መፍትሔ አለው።

የመጀመሪያው ምስሉን በማዘጋጀት መዘግየት የጠፉ ፍሬሞችን ይቆጥራል። ይህ የሚያድገው ጌሙ ግራፊክስ ካርዱን ሙሉ በሙሉ ሲይዘውና ለመቅረጫው ሳይተርፈው ሲቀር ነው። መድኃኒቱ የጌሙን የፍሬም ብዛት በሰከንድ 60 ላይ መገደብ ወይም የጌሙን የምስል ጥራት ዝቅ ማድረግ ነው። በዚህ ጊዜ የኢንኮደሩን ሴቲንግ መቀየር ላይጠቅም ይችላል።

ሁለተኛው ኢንኮደሩ ስላልደረሰባቸው የተዘለሉ ፍሬሞችን ይቆጥራል። ኢንኮደሩ በፕሮሰሰሩ ላይ የሚሠራ ከሆነ ፈጣን የሥራ ደረጃ መምረጥ፣ ወደ ግራፊክስ ካርዱ ኢንኮደር መዛወር፣ ወይም የቀረጻውን መጠን ከ1080 ወደ 720 ዝቅ ማድረግ ይቻላል።

ሦስተኛው በኢንተርኔት መስመር ድካም የወደቁ ፍሬሞችን ይቆጥራል። ይህ የሚመለከተው በቀጥታ ስርጭት ላይ ያሉትን ብቻ ነው፤ በዲስክ ላይ ለሚቀርጽ ሰው ትርጉም የለውም።

ምስሉ ሳይቆራረጥ የተሰባበረ ወይም የደበዘዘ ከሆነ ጥፋቱ የአቅም ሳይሆን የቢትሬት ማነስ ነው። ለቀጥታ ስርጭት ቋሚ ቢትሬት ይመረጣል። ለፋይል ቀረጻ ግን ጥራቱን ቋሚ አድርጎ ቢትሬቱ እንደ ምስሉ እንዲለዋወጥ መተው ይሻላል፤ ፈጣን እንቅስቃሴ ያለበት ቦታ ብዙ ቢት፣ ጸጥ ያለው ቦታ ጥቂት ቢት ያገኛል።

የድምፅ ችግሮች

ድምፅ ጨርሶ ካልተቀረጸ፣ መቅረጫው የሚያዳምጠው መሣሪያ ጌሙ ከሚጠቀምበት የተለየ ሊሆን ይችላል። ለምሳሌ ጌሙ በጆሮ ማዳመጫ እየተሰማ መቅረጫው የስክሪኑን ድምፅ ማጉያ ቢጠብቅ ፋይሉ ድምፅ አልባ ይሆናል። ሁለቱን በአንድ መሣሪያ ላይ ማድረግ በቂ ነው።

የብሉቱዝ ጆሮ ማዳመጫ ማይክሮፎኑ ሲከፈት ወደ ስልክ መነጋገሪያ ሁኔታ ይቀየርና የጌሙ ድምፅ ጥራት ሊወርድ ይችላል። የተለየ ማይክሮፎን መጠቀም ይህን ያስቀራል። ድምፁ ከምስሉ ቀስ በቀስ እየራቀ ከሄደ፣ ከመሣሪያዎቹ አንዱ በሰከንድ 44,100፣ ሌላው 48,000 ናሙና እንዲወስድ ተደርጎ እንደሆነ ማየት ያስፈልጋል። ሁሉንም በ48,000 ማድረግ የተለመደ ነው።

የጌሙን ድምፅና የተጫዋቹን ንግግር በተለያየ የድምፅ መስመር መቅረጽም ይቻላል። እንዲህ ከተደረገ አንዱ ሌላውን ቢሸፍነው በኋላ ማስተካከል ይቻላል፤ በአንድ መስመር ከተቀላቀሉ ግን መለየቱ አስቸጋሪ ነው።

የማይከፈት ወይም የተቋረጠ ፋይል

ከሁሉም የከፋው ጉዳት የሚደርሰው ጨዋታው ካለቀ በኋላ ፋይሉ አልከፈት ሲል ነው። በተለመደው የኤምፒ4 አሠራር የእያንዳንዱ ፍሬም ቦታ የሚመዘገብበት ማውጫ የሚጻፈው ቀረጻው በሚቆምበት ጊዜ ነው። በመካከል መብራት ቢጠፋ ወይም ኮምፒዩተሩ ቢዘጋ ማውጫው ሳይጻፍ ይቀራል። የምስሉ መረጃ በዲስኩ ላይ ቢኖርም ማጫወቻው ሊያነበው አይችልም። ኤምኬቪ የተባለው የፋይል ዓይነት ግን እስከተቋረጠበት ጊዜ ድረስ የተጻፈው በአብዛኛው ይነበባል። ስለዚህ መብራት በሚቆራረጥበት ቦታ በኤምኬቪ መቅረጽ ይመከራል። ኦቢኤስ ስቱዲዮ የኤምኬቪን ፋይል ጥራቱን ሳይቀንስ ወደ ኤምፒ4 የሚቀይርበት መሣሪያ አለው፤ ምስሉ እንደገና ስለማይታመቅ ሥራው ፈጣን ነው።

ቀረጻው ሁልጊዜ በተመሳሳይ የፋይል መጠን ላይ የሚቆም ከሆነ የዲስኩን አደረጃጀት መመልከት ይገባል። ብዙ የፍላሽ ዲስኮች የሚደራጁበት ፋት32 ከ4 ጊጋባይት የሚበልጥ ፋይል አይቀበልም። በሰከንድ 40 ሜጋቢት የሚቀረጽ ቪዲዮ እዚህ ገደብ ላይ የሚደርሰው በ14 ደቂቃ ገደማ ነው። በኤንቲኤፍኤስ ወይም በኤክስፋት የተደራጀ ዲስክ ይህ ችግር የለበትም። አደረጃጀቱን መቀየር በዲስኩ ላይ ያለውን ሁሉ ሊያጠፋ ስለሚችል፣ አስቀድሞ ፋይሎቹን ወደ ሌላ ቦታ መገልበጥ ያስፈልጋል።

አንዳንዴ ፋይሉ ጤነኛ ሆኖ ማጫወቻው ብቻ ይቸገራል። በ2013 እ.ኤ.አ. የጸደቀው ኤች.265 እና በ2018 እ.ኤ.አ. የወጣው ኤቪ1 በጥቂት ቢት ጥሩ ምስል ቢሰጡም፣ በአሮጌ ኮምፒዩተርና ስልክ ላይ ላይከፈቱ ይችላሉ። በ2003 እ.ኤ.አ. የጸደቀው ኤች.264 ከሁለቱ ይልቅ በብዙ መሣሪያዎች ይከፈታል። ስለዚህ ፋይሉ ተበላሽቷል ተብሎ ከመጥፋቱ በፊት በሌላ ማጫወቻ መሞከር አለበት።

የምርመራ ቅደም ተከተል

ችግርን ለመለየት የሚከተለው ቅደም ተከተል ይረዳል፦

1. ከዋናው ጨዋታ በፊት የአንድ ደቂቃ ሙከራ መቅረጽና እስከ መጨረሻው ማየት። ሙከራው እንቅስቃሴ በሚበዛበት የጌሙ ክፍል ላይ ቢሆን ይመረጣል፤ በጌሙ መግቢያ ገጽ ላይ ያለችግር የሠራ መቅረጫ በጦፈ ፍልሚያ ላይ ሊሰናከል ይችላል።

2. ጌሙን ዘግቶ ተራ መስኮት መቅረጽ። ይህ ከሠራ ችግሩ ያለው በመቅረጫውና በጌሙ መካከል ነው።

3. ፋይሉን በሁለት ማጫወቻዎች መክፈትና በዲስኩ ላይ ባዶ ቦታ መኖሩን ማረጋገጥ።

4. አንድ ሴቲንግ ብቻ ቀይሮ እንደገና መሞከር። ብዙ ነገር በአንዴ ከተቀየረ ችግሩን የፈታው የትኛው እንደሆነ አይታወቅም።

5. ይህ ሁሉ ካልረዳ መቅረጫው የሚጽፈውን የሥራ መዝገብ ማንበብ። ኦቢኤስ ስቱዲዮ በተከፈተ ቁጥር የግራፊክስ ካርዱን ዓይነት፣ የተመረጠውን ኢንኮደርና ያጋጠመውን ስህተት በዚህ መዝገብ ላይ ያሰፍራል።

ከቀረጻ በኋላ ሊጠገኑ የሚችሉት ችግሮች ጥቂት ናቸው። ከምስሉ የራቀ ድምፅ ሊገጣጠም፣ ማውጫው የጠፋበት ፋይልም አንዳንዴ ሊጠገን ይችላል። ያልተወሰደ ምስል ወይም የተዘለለ ፍሬም ግን በፋይሉ ውስጥ ስለሌለ ሊመለስ አይችልም።