የመኪና ቸርኬ ታሪክ በአገራችንና ትክክለኛውን ስለ መምረጥ

የመኪና ታሪክ በአገራችን ሲነገር ስለ ሞተሩ ጉልበት፥ ስለ ነጂው ድፍረትና መጀመሪያ ስላየው ሕዝብ መደነቅ ብዙ ይወራል። ስለ ቸርኬው ግን የሚያነሣ ሰው እምብዛም አይገኝም። እኛ የዊንጌት አካባቢ ተማሪዎች ግን ጧት ጧት ወደ ትምህርት ቤት ስንሄድ በየጎሚስታው ደጃፍ የተቆለለውን ቸርኬ ሳናይ አናልፍም። አንዱ አራት ቀዳዳ አለው፤ አንዱ አምስት፤ የትልልቁ መኪና ደግሞ ስድስት። ይህ ልዩነት ከየት መጣ ብለን ብንመረምር፥ የቀዳዳው ቁጥርና ርቀት የአገራችንን የመቶ ዓመት ግንኙነት ከውጭው ዓለም ጋር የሚያሳይ ሆኖ አገኘነው። ስለዚህ በዚህ የበዓል መጽሔት ላይ ለመምህራን፥ ለወላጆችና ለጓደኞቻችን ልናቀርበው ወደድን። ነገሩ ለታሪክ ፍቅር ብቻ አይደለም፤ መኪና ያለው ሰው ሁሉ አንድ ቀን ቸርኬ መለወጡ አይቀርምና፥ የማይገባውን ያስገባ እንደ ሆነ አደጋው የራሱ ብቻ ሳይሆን የተሳፋሪውም፥ የእግረኛውም ነው።

ከስሙ እንጀምር። ጎማ፥ ቸርኬ፥ ካላማዳሪ፥ ብሎን፥ ዳዶ፥ ክሪክ የሚባሉት ቃላት ሁሉ ከጣሊያንኛ የመጡ ናቸው። ጎማ የሚጠግነውም ሰው ጎሚስታ ይባላል። ጠላት አምስት ዓመት ቆይቶ በ1933 ዓ.ም. ቢባረርም፥ ቃላቱ ግን በጋራዥ ቀርተው የአማርኛ ዜግነት አግኝተዋል። ዛሬ አንድ የመካኒክ ልጅ «ዳዶ አቀብለኝ» ሲል የባዕድ ቋንቋ የተናገረ አይመስለውም፤ ደግሞም አልተናገረም።

ከዚያ በፊት በነበረው ዘመን ቸርኬ መምረጥ የሚባል ችግር አልነበረም። በዳግማዊ አፄ ምኒልክ ዘመን ሰርኪስ ተርዚያን የተባለው አርመናዊ ያስመጣው፥ ሕዝቡም «የሰርኪስ ባቡር» ያለው የእንፋሎት መኪና በብረት እግር የሚሄድ ነበር። በ1900 ዓ.ም. ገደማ ቤንትሌይ የተባለ እንግሊዛዊ የመጀመሪያውን አውቶሞቢል ለንጉሠ ነገሥቱ ባቀረበ ጊዜም በዓለም ላይ የብዙዎቹ መኪናዎች እግር እንደ ጋሪ እግር የእንጨት ዘንግ ያለው ነበር። መኪናው አንድ፥ ቸርኬውም የራሱ ብቻ ስለ ሆነ ከሌላ ጋር የሚያምታታው አልነበረም። ምርጫ የሚመጣው ከብዛት ጋር ነው።

ብዛቱም የመጣው ከጣሊያን ወረራ ጋር ነው። ለጦሩና ለመንገድ ሥራው የፊያትና የላንቻ ካሚዮኖች በብዛት ገቡ፤ ከእነዚህም መካከል 634 የተባለው ፊያት «ትሬንታ ኳትሮ» ተብሎ ስሙ ከጦርነቱ በኋላም ለብዙ ዘመን ሲጠራ ኖሯል።

እዚህ ላይ ስለ ሰፈራችን ስም አንድ ነገር ሳንናገር ማለፍ አይሆንልንም። ጄኔራል ኦርድ ዊንጌት በ1933 ዓ.ም. የጌዴዎንን ጦር ይዞ በጎጃም በኩል ሲገባ ስንቅና ጥይት የጫነው በመኪና ሳይሆን በሺህ በሚቆጠሩ ግመሎች ላይ ነበር፤ ከግመሎቹም አብዛኞቹ በመንገድ አልቀዋል። ሚያዝያ 27 ቀን ንጉሠ ነገሥቱ በመኪና አዲስ አበባ ሲገቡም እርሱ በፈረስ ሆኖ ነበር። በእርሱ ስም የተሰየመው ትምህርት ቤት በፈረንጅ አቆጣጠር በ1946 ተከፈተ፤ ሰፈሩም በትምህርት ቤቱ ስም ተጠራ። በግመል የመጣ ሰው ስም ዛሬ የጎሚስታዎች ሠፈር መጠሪያ መሆኑ እኛን ብዙ ጊዜ ያስቀናል።

ከድሉ በኋላ ሁለት የሚመሳሰሉ መኪናዎች በዓለም ላይ ተሠራጩ፤ የአሜሪካው ጂፕና በፈረንጅ አቆጣጠር በ1948 የወጣው የእንግሊዙ ላንድሮቨር። የመጀመሪያዎቹ ላንድሮቨሮችና የጦር ሜዳው ጂፕ ሁለቱም አንድ ዓይነት ጎማ ያደርጋሉ፤ ስፋቱ 6 ኢንች፥ የቸርኬው ቁመት 16 ኢንች። የቸርኬያቸውም ቀዳዳ እኩል አምስት ነው። ታዲያ ያንዱ ለሌላው ይሆናልን? አይሆንም። የጂፑ ቀዳዳዎች የተደረደሩበት ክብ ከዳር እስከ ዳር 5 ኢንች ተኩል፥ ማለት 139.7 ሚሊሜትር ሲሆን፥ የላንድሮቨሩ 6 ኢንች ተኩል፥ ማለት 165.1 ሚሊሜትር ነው። እንግዲህ ቸርኬ ሲመረጥ የቀዳዳውን ቁጥር ብቻ ሳይሆን የክቡንም ስፋት ማወቅ ግድ ይላል።

ይህን ክብ መለካት ለሒሳብ ተማሪ ደስ የሚል ነገር ነው። ቀዳዳው አራት ወይም ስድስት ከሆነ ፊት ለፊት የሚተያዩት ሁለት ቀዳዳዎች ከእምብርት እስከ እምብርት ቢለኩ በቂ ነው። አምስት ከሆነ ግን ፊት ለፊት የሚተያይ የለም። ስለዚህ ጎን ለጎን ያሉት ሁለቱ ተለክተው፥ የተገኘው በ1.701 ይባዛል። የላንድሮቨሩ ጎን ለጎን 97 ሚሊሜትር ነውና፥ ብናባዛው 165 ይመጣል። ይህ ቁጥር ከአምስት ማዕዘን ጂኦሜትሪ የተገኘ ስለ ሆነ፥ ትሪጎኖሜትሪ የተማረ ሁሉ ራሱ ሊደርስበት ይችላል።

ለከተማው ሰው ግን ከላንድሮቨር ይልቅ የታወቁት ትንንሾቹ ናቸው። ቮልስ የምንለው ቮልስዋገን ለረጅም ጊዜ በ205 ሚሊሜትር ክብ ላይ አምስት ብሎን ነበረው፤ ከ1960ዎቹ (በፈረንጅ) ሁለተኛ አጋማሽ ጀምሮ ግን ፋብሪካው ወደ አራት ብሎንና ወደ 130 ሚሊሜትር ለወጠው። ከሩቅ ሲታዩ መንታ የሚመስሉ ሁለት ቮልሶች ቸርኬ መዋዋስ የማይችሉት በዚህ ምክንያት ነው። ሴይቼንቶ የተባለችው፥ ለአዲስ አበባ ታክሲነት የዋለችው ፊያት 600 ደግሞ አራት ብሎን በ190 ሚሊሜትር ላይ ነበራት።

ከሴይቼንቶ ቀጥሎ የመጣው ላዳ ነው፤ የዚህ ጽሑፍ ዋና ነገርም እርሱ ላይ ነው። ላዳ የሩሲያ መኪና መሆኑን ሁሉም ያውቃል፤ ነገር ግን ሥሩ ጣሊያን ነው። ፊያት በፈረንጅ አቆጣጠር በ1966 ከሶቪየት ኅብረት መንግሥት ጋር ተዋውሎ፥ ፊያት 124ን መሠረት ያደረገ መኪና በቮልጋ ወንዝ ዳር በቶሊያቲ ከተማ እንዲሠራ ሆነ፤ የከተማይቱ ስም ራሱ የጣሊያን ኮሙኒስት መሪ ስም ነው። በ1970 መመረት የጀመረው ላዳ በደርግ ዘመን ወደ አገራችን በብዛት ገብቶ ሰማያዊና ነጭ ታክሲ ሆነ። የፊያት 124 የብሎን ክብ 98 ሚሊሜትር ነበረ፤ የላዳውም ያው 98 ሆነ። ከቱሪን ተነሥቶ በቶሊያቲ በኩል አዲስ አበባ የደረሰው ይህ ቁጥር ነው።

ችግሩ የመጣው ከሌላ አቅጣጫ ነው። ከብዙ የጃፓንና የአውሮፓ ትንንሽ መኪናዎች፥ ከቶዮታ ቪትዝም ጭምር፥ የሚወልቀው ባለ አራት ቀዳዳ ቸርኬ ክቡ 100 ሚሊሜትር ነው። በ98ና በ100 መካከል ያለው ልዩነት ሁለት ሚሊሜትር ብቻ ስለ ሆነ ዓይን አይለየውም፤ በሶማሌ ተራም ሆነ በሌላ ስፍራ አሮጌ ቸርኬ የሚገዛ ሰው አራት ቀዳዳ አይቶ ሊረካ ይችላል። የባሰው ነገር ደግሞ መግባቱ ነው። ጨርሶ ባይገባ ኖሮ ደኅና ነበር!

ምን እንደሚሆን እንመልከት። አንደኛው ብሎን በትክክል ቦታውን ይዞ ሲጠብቅ ቸርኬው ከመኻል አንድ ሚሊሜትር ይሸሻል፤ ፊት ለፊቱ ያለው ብሎን እንግዲህ ሁለት ሚሊሜትር ከቀዳዳው እምብርት ይርቅና ጎብጦ ይገባል። የብሎኑ አንገት እንደ ቀንድ ሾጠጥ ያለ ስለ ሆነ በቀዳዳው አፍ ላይ ዙሪያውን መቀመጥ ሲገባው ባንድ ወገን ብቻ ይነክሳል። ሠራተኛው በኃይል ሲያጠብቀው የጠበቀ ይመስላል። በመንገድ ላይ ግን ጎማው ይንቀጠቀጣል፤ ብሎኑ ይላላል፤ ካልሆነም ብረቱ በየዙሩ እየተለመጠ ደክሞ ይቆረጣል። ከእንጦጦ ወደ ታች ፍሬን እየያዘ የሚወርድ ታክሲ አራቱም ብሎን እንደ ሆነ ካልያዘለት ምን እንደሚደርስበት መገመት አያዳግትም። አንዳንዶች ቀዳዳውን በሞረድ አስፍተው ያስገቡታል፤ ይህ ግን የብሎኑን መቀመጫ ጨርሶ ማጥፋት ነው። አንገታቸው የሚንቀሳቀስ፥ ለዚሁ ልዩነት ተብለው የተሠሩ ብሎኖች በውጭ አገር እንደሚሸጡ እናውቃለን፤ እኛ ግን ትክክለኛውን ቸርኬ መፈለጉን እንመርጣለን።

ሁለተኛው ልኬት የመካከለኛው ትልቁ ቀዳዳ ነው። መካኒኮች ሞዞ በሚሉት፥ ጎማው በሚታሠርበት እምብርት ላይ ይህ ቀዳዳ ልክ ሆኖ መቀመጥ አለበት። የላዳ 58.5 ሚሊሜትር ገደማ ሲሆን፥ የቪትዝ 54.1 ነው። ስለዚህ የቪትዝ ቸርኬ ላዳን እምቢ ይለዋል፤ እምቢ ማለቱም ውለታ ነው። የብዙ ሬኖዎች ቸርኬ ግን 60.1 ስለ ሆነ ሞዞውን አልፎ ይገባል፤ አሳሳቹም ይኸኛው ነው። ክቡ ትክክል ሆኖ የመካከሉ ቀዳዳ ብቻ የሰፋ ሲሆን ክፍተቱን የሚሞላ ቀለበት አለ፤ ቀለበቱ ግን የብሎን ክብ ስሕተትን አያርምም።

ሦስተኛው ከውጭ የማይታይ ነው፤ ቸርኬው በሞዞው ላይ የሚያርፍበት ገጽ ከስፋቱ መካከል ምን ያህል ወደ ውጭ ወይም ወደ ውስጥ ነው የሚለው። ብዙውን ጊዜ በቸርኬው ላይ ኢ.ቲ. ከሚሉ ሁለት የላቲን ፊደላት ቀጥሎ በሚሊሜትር ተቀርጾ ይገኛል። ቁጥሩ ከሚገባው ካነሰ ጎማው ወደ ውጭ ወጥቶ ፓራፋንጎውን ይፍቃል፤ ኩሽኔታውንም ያለ ጊዜው ያስረጀዋል። ከበዛ ደግሞ ወደ ውስጥ ገብቶ መሪውን ሲያዞሩ ከፍሬኑ ወይም ከመሪው ዘንግ ጋር ይጋጫል።

የጎማውም ቁመት ችላ አይባልም። 175/70-13 የሚል ጎማ ቁመቱ 575 ሚሊሜትር ይሆናል፤ 165/80-13 የሚለው ግን 594 ነው። ሁለቱም በ13 ኢንች ቸርኬ ላይ ይገባሉ። ለመጀመሪያው የተሠራ መኪና ሁለተኛውን ቢያደርግ የፍጥነት መቁጠሪያው 80 ሲል መኪናው 83 ገደማ እየሄደ ነው። ያም ሆኖ ባንድ ዘንግ ላይ ያሉት ግራና ቀኝ እኩል እስከ ሆኑ ድረስ ይህ ከብሎኑ ስሕተት ይቀላል።

ትልልቆቹ ቶዮታዎች በዚህ ረገድ ግልጽ ናቸው። የድሮው ላንድክሩዘር ስድስት ቀዳዳ በ139.7 ላይ ነበረው፤ ከ1990ዎቹ (በፈረንጅ) መጨረሻ ወዲህ ብዙዎቹ አምስት በ150 ሆነዋል። ማንም አያምታታቸውም።

ያ የሁለት ሚሊሜትር ወጥመድ ግን በአዲስ መልክ ተመልሷል። በ2016 ዓ.ም. በነዳጅ የሚሠሩ አውቶሞቢሎች ወደ አገር እንዳይገቡ ከተከለከለ ወዲህ በኤሌክትሪክ የሚሄዱት በከተማችን በዝተዋል። ከእነዚህ አንዱ የቮልስዋገን አይዲ 4 ነው፤ የብሎኑ ክብ 112 ሚሊሜትር፥ ቀዳዳው አምስት። የቶዮታ ራቭ 4 ደግሞ አምስት ሆኖ 114.3 ነው፤ ይኸውም 4 ኢንች ተኩል መሆኑ ነው። ጎን ለጎን ያሉ ቀዳዳዎች ቢለኩ የአንዱ 65.8፥ የሌላው 67.2 ይሆናል። በተራ ማስመሪያ የሚለይ አይደለም። የድሮው ቮልስ 800 ኪሎ ግራም ያህል ሲመዝን አይዲ 4 ወደ 2000 ስለሚጠጋ፥ የተሳሳተው ብሎን የሚሸከመውም ከእጥፍ በላይ ነው። በዚህም ላይ የቮልስዋገን ብሎን አንገቱ እንደ ኳስ ክብ ሲሆን የብዙዎቹ ሌሎች ሾጣጣ ነው፤ አንዱ በሌላው መቀመጫ ላይ ልክ አይቀመጥም። ስለዚህ ወላጆቻችን ቸርኬ ሲገዙ በማስመሪያ ከመተማመን በጀርባው የተቀረጸውን እንዲያነቡ፥ ካልተነበበም ሻጩን ከየትኛው መኪና እንደ ወለቀ እንዲጠይቁት እንለምናለን።

አንድ ነገር ቀርቶናል፤ ስኮርታው። የብረት ቸርኬ የነበረው መኪና ወፍራሙን የአሉሚኒየም ሲያደርግ ብዙ ጊዜ ረዘም ያለ ብሎን ይገዛለታል፤ ስኮርታው ግን የድሮው ብረት እንደ ሆነ ይቀራል። ከጎሐ ጽዮን ወርዶ ዓባይ በረሃ ውስጥ ጎማው የተነፈሰበት ሰው በዚያ ረጅም ብሎን ስኮርታውን ቢያሥር፥ ብሎኑ አልፎ ከታንቡሩ ውስጥ ይገባና ጎማው አልዞር ይላል። አሮጌዎቹ ብሎኖች በጨርቅ ተጠቅልለው ከክሪኩ ጋር መቀመጥ ያለባቸው ለዚህ ነው።