የእኩል እርሻ ክርክር

የእኩል እርሻ ክርክር ማለት መሬቱን ለእርሻ በሰጠ ሰውና መሬቱን አርሶ ምርቱን በሚያካፍል ገበሬ መካከል የሚነሳ አለመግባባት ነው። ስምምነቱ የሚጠራው በድርሻው ነው፤ ምርቱ ለሁለት ሲከፈል እኩል፣ ለባለመሬቱ አንድ ሦስተኛ ሲደርሰው ሲሶ፣ አንድ አራተኛ ሲደርሰው ደግሞ እርቦ ይባላል። በ1987 ዓ.ም. በወጣው ሕገ መንግሥት አንቀጽ 40 መሠረት መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው። ስለዚህ በተለምዶ «ባለመሬት» የሚባለው ሰው በዛሬው ሕግ ባለይዞታ እንጂ ባለቤት አይደለም።

ታሪክ

ከ1967 ዓ.ም. በፊት በተለይ በደቡቡ የአገሪቱ ክፍል ብዙ ገበሬዎች ጭሰኞች ነበሩ። ጭሰኛው ከምርቱ ድርሻ ሌላ ለባለመሬቱ የጉልበት አገልግሎት ይሰጥ ነበር። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ የባለመሬቱ ድርሻ ከምርቱ ሦስት አራተኛ እንዳይበልጥ ቢገድብም፣ ውሉ አብዛኛውን ጊዜ የቃል ነበር። ባለመሬቱን የከሰሰ ጭሰኛ ከመሬቱ ሊነሳ ይችል ስለነበር መብቱን በፍርድ ቤት ማስከበር አስቸጋሪ ነበር። የሁለቱን ግንኙነት የሚወስን ረቂቅ ሕግ ለፓርላማ ቢቀርብም ሳይጸድቅ ቀረ። የዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች በ1957 ዓ.ም. «መሬት ለአራሹ» ብለው ሰልፍ ወጡ።

ደርግ የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. ያወጀው አዋጅ ቁጥር 31/1967 የባለመሬትና የጭሰኛን ግንኙነት ሻረ። ጭሰኛው ከኪራይና ለባለመሬቱ ካለበት ዕዳ ነጻ ሆነ፤ የአንድ ቤተሰብ ይዞታም ከ10 ሄክታር እንዳይበልጥ ተወሰነ። መሬት መሸጥ፣ በወለድ አገድ መስጠትና ማከራየት ተከለከለ። የመሬት ክርክር የማየት ሥልጣንም ለገበሬ ማኅበራት ተሰጠ። ኪራይ በክልሎች ሕግ እንደገና የተፈቀደው ከሥርዓት ለውጡ በኋላ ነው።

የዛሬው ገጽታ

በድሮው ሥርዓት ደካማው ወገን አራሹ ነበር። ዛሬ በአማራ ክልልና በሌሎች አካባቢዎች ነገሩ ብዙ ጊዜ ተገላቢጦሽ ነው። መሬታቸውን ለእኩል የሚሰጡት አብዛኛውን ጊዜ በሬ የሌላቸው፣ አረጋውያን፣ ሕመምተኞች ወይም ቤተሰብ የሚመሩ ሴቶች ናቸው። በባህሉ ሞፈርና ቀንበር የወንድ ሥራ ተደርጎ ስለሚቆጠር፣ ባሏ የሞተባት ሴት መሬት ቢኖራትም አራሽ መፈለግ ግድ ይሆንባታል። አራሹ በበኩሉ ጥማድ በሬ ያለው፣ አንዳንዴም የቅርብ ዘመድ ነው። ስለዚህ በድርሻዋ ቅር ብትሰኝ እንኳ ሌላ አራሽ እስክታገኝ የእርሻ ወቅት እንዳያልፍባት ትሰጋለች።

የክርክር መንስኤዎች

ተደጋግመው የሚነሱት መንስኤዎች የሚከተሉት ናቸው፦
፩. አራሹ የራሱን ማሳ አስቀድሞ የሰውን ዘግይቶ ማረሱ፤
፪. ምርቱ ባለይዞታው በሌለበት አውድማ ላይ መወቃቱ፤
፫. የገለባ ክፍፍል፤
፬. የዘርና የማዳበሪያ ወጪ፤
፭. አራሹ ለዓመታት ካረሰ በኋላ «መሬቱ የእኔ ነው» ማለቱ፤
፮. ባለይዞታው አራሹ ከዘራ በኋላ ወይም መሬቱን አለስልሶ ሳለ ማስለቀቁ።

የዘር ጉዳይ ትንሽ ቢመስልም ልዩነቱ በቁጥር ይታያል። አራሹ 1 ኩንታል ዘር ከራሱ አውጥቶ 12 ኩንታል ቢገኝ፣ እኩል ሲካፈሉ ለእያንዳንዳቸው 6 ኩንታል ይደርሳል፤ የአራሹ ትርፍ ግን ዘሩ ሲቀነስ 5 ነው። ዘር ተነስቶ ከሆነ አራሹ አስቀድሞ 1 ኩንታሉን ይወስድና ቀሪውን 11 ለሁለት ይከፍላሉ፤ እያንዳንዱ 5.5 ያገኛል። «እኩል» የሚለው ቃል ብቻውን የትኛው እንደታሰበ አይናገርም።

የአፈታት ደረጃዎች

አዋጅ ቁጥር 456/1997 በአንቀጽ 12 ክርክሩ በቅድሚያ በውይይትና በስምምነት እንዲፈታ፣ ካልሆነም ተከራካሪዎቹ በመረጧቸው ሽማግሌዎች ወይም በክልሉ ሕግ መሠረት እንዲወሰን ደንግጎ ነበር። ይህ አዋጅ በአዋጅ ቁጥር 1324/2016 ተተክቷል። በተግባር ጉዳዩ ከአገር ሽማግሌዎች ይጀምራል፤ የቀበሌው የመሬት አስተዳደርና አጠቃቀም ኮሚቴ ስለ ወሰኑና ስለ ባለይዞታው ማስረጃ ይሰጣል፤ ስምምነት ካልተገኘ ክሱ ለወረዳ ፍርድ ቤት ይቀርባል። ከዚያ ይግባኝና ሰበር ይከተላሉ።

ሽማግሌዎች ፈጣንና ወጪ የማያስወጡ ከመሆናቸውም በላይ ማን በየትኛው ክረምት ምን እንደዘራ ያውቃሉ። ሆኖም ከአራሹ ጋር በዝምድና ወይም በማኅበር የተሳሰሩ ከሆነ ደካማው ወገን ተገፍቶ ሊታረቅ ይችላል።

ማስረጃ

የቃል ውል በምስክር ላይ ይንጠለጠላል፤ ምስክሮቹ ደግሞ የአራሹም ጎረቤቶች ናቸው። በአማራ ክልል በ1990ዎቹ የተጀመረው የይዞታ ማረጋገጫ ደብተር «መሬቱ የማን ነው» የሚለውን ጥያቄ በእጅጉ አቅልሏል፤ የድርሻውን መጠን ግን አይመዘግብም። በሕንድ ምዕራብ ቤንጋል እ.ኤ.አ. በ1978 የተጀመረው «ኦፕሬሽን ባርጋ» በተቃራኒው የመዘገበው አራሾችን ነበር፤ ዓላማውም ከመሬቱ እንዳይነሱና ድርሻቸው እንዳይቀነስ መከላከል ነበር። ሁለቱም ወገኖች እንዲጠበቁ ደብተሩም ውሉም ያስፈልጋሉ። የዘመኑን ርዝመት፣ ድርሻውን፣ የዘርና የማዳበሪያውን ወጪ፣ የገለባውንም ክፍፍል ከምስክር ጋር የያዘ አጭር ጽሑፍ ከእርሻ በፊት ቢዘጋጅ፣ አውድማ ላይ የሚነሳው ጭቅጭቅ ይቀንሳል።