ከወርቁ በታች፤ የደቡብ አፍሪካ ጥቁር ማዕድን ሠራተኞችና ማኅበሮቻቸው

በዊትዎተርስራንድ ተረተር ወርቅ መኖሩ በ1886 ሲታወቅ (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር ናቸው) ከሀብቱ ጋር አንድ ብርቱ ችግር አብሮ ተገኘ። ወርቁ በጠቅላላው እጅግ ብዙ ቢሆንም በድንጋዩ ውስጥ ሥሥ ሆኖ የተበተነ ነበር፤ ከአንድ ቶን ድንጋይ የሚወጣው ጥቂት ግራም ብቻ ሲሆን፣ ንጣፉም ወደ ጥልቅ እየሰመጠ ስለሚሄድ አንዳንዱ ጉድጓድ በጊዜ ብዛት ከ3,000 ሜትር በታች ወርዷል። የመሣሪያውና የሲያናይዱ ዋጋ በአመዛኙ በባሕር ማዶ ገበያ ይወሰናል። የወርቁ መሸጫ ዋጋ ደግሞ ለረጅም ዘመን በመንግሥታት የተቈረጠ ስለ ነበረ፣ ኩባንያው ወጪው ቢበዛበት በገዢው ላይ ሊያሳርፈው አይችልም። እንግዲህ ሊቀነስ የሚችለው የሠራተኛው ደመወዝ ሆነ። የዘር መድልዎን ታሪክ በጥላቻ ብቻ ሊያስረዳ የሚነሣ ሰው ይህን የሂሳብ መዝገብ ካለፈው ብዙ ነገር ይሰወርበታል።

ኩባንያዎቹ በማዕድን ምክር ቤታቸው አማካይነት የጥቁር ሠራተኛ አማካይ ደመወዝ ከተወሰነ ጣሪያ እንዳያልፍ ተስማሙ፤ መልማይ ድርጅቶችንም በጋራ አቁመው የርስ በርስ ሽሚያን አስቀሩ። የ1913 የመሬት ሕግ ለአፍሪካውያን የተወው ከአገሪቱ መሬት 7 በመቶ ያህሉን ነበር፤ ግብር ግን በጥሬ ገንዘብ ይጠየቃል። ስለዚህ ገበሬው ከትራንስካይ፣ ከባሱቶላንድና ከሞዛምቢክ ቤተሰቡን ትቶ በኮንትራት ይመጣል፤ በታጠረ የወንዶች ግቢ ያድራል፤ የይለፍ ወረቀት ሳይዝ ቢገኝ ይታሠራል። ሚስቱና ልጆቹ ከእርሻው ይበላሉ በሚል ግምት ደመወዙ ለብቻው ለሚኖር ሰው የተሰላ ነበር። የገጠሩ ድህነት ለከተማው ትርፍ የሚከፈል ድጎማ ሆነ ማለት ነው።

ነጩ ሠራተኛ በዚህ መካከል ምን አደረገ? በ1922 የማዕድን ምክር ቤቱ ነጮችን ቀንሶ ርካሽ ጥቁር ሠራተኞችን ለመተካት ባሰበ ጊዜ ነጮቹ ጦር መሣሪያ አንሥተው ተነሡ፤ የዓለም ሠራተኞች አንድነትን ጥሪ ከነጭ ደቡብ አፍሪካ ጋር አጣምረው በሰንደቃቸው ላይ ጻፉ። መንግሥት በመድፍና በአውሮፕላን ደመሰሳቸው፤ 200 ያህል ሰው ሞተ። ይሁን እንጂ በመድፍ ያጡትን በሕግ አገኙት። የ1924 የኢንዱስትሪ ዕርቅ ሕግ «ሠራተኛ» የሚለውን ቃል ሲተረጕም የይለፍ ወረቀት ያዦችን አፍሪካውያን ከትርጓሜው አስወጣ። ከመሬት በታች ድንጋይ ሲፈለፍል የሚውለው ሰው በሕግ ፊት ሠራተኛ አልነበረም፤ ማኅበሩም እንደ ማኅበር አይቈጠርም።

በ1919 ክሌመንትስ ካዳሊ በኬፕ ታውን ያቋቋሙት ማኅበር ብዙ ሺህ አባላት ቢያፈራም፣ ከወደብ እስከ እርሻ ተበትኖ ስለ ነበረ አሥር ዓመት ሳይሞላው ተከፋፈለ። ከእርሱ ይልቅ ጠንካራ መሠረት የነበረው በ1941 የተመሠረተው የአፍሪካ ማዕድን ሠራተኞች ማኅበር ነው። ነሐሴ 12 ቀን 1946 ጄ. ቢ. ማርክስ የሚመሩት ይህ ማኅበር ለቀን ሥራ አሥር ሺሊንግ ጠይቆ ከ60,000 በላይ ሠራተኞችን ከሥራ አስቆመ። ፖሊሶች ሠራተኞቹን በሳንጃ እየነዱ ወደ ጉድጓድ አወረዷቸው፤ ቢያንስ ዘጠኝ ሰዎች ተገደሉ፤ አድማውም በሳምንት ውስጥ ከሸፈ። በ1970 ገደማ የነጭ ማዕድን ሠራተኛ ደመወዝ ከጥቁሩ ሃያ እጥፍ ያህል ነበር፤ የጥቁሩ ደመወዝ የመግዛት ኃይል ደግሞ በ1911 ከነበረው አልበለጠም።

ለውጡ የመጣው ከፋብሪካ በኩል ነው። የፋብሪካ ማሽን የሚያንቀሳቅስ ሰው እንደ አካፋ ያዥ በማግሥቱ አይተካም፤ ካፒታሉ ራሱ በርካሽነቱ የመረጠውን ሠራተኛ የሚያስፈልገው ሰው አደረገው። በጥር 1973 በደርባን አንድ የጡብ ፋብሪካ 2,000 ያህል ሠራተኞች ሥራ ሲያቆሙ፣ በሦስት ወር ውስጥ 100,000 የሚጠጉ ሰዎች ተከተሏቸው። ብዙዎቹ ተወካይ መርጣችሁ ላኩ ሲባሉ እምቢ አሉ፤ የተመረጠ ሁሉ እንደሚታሠር ያውቁ ነበርና። ከዚህ ጥንቃቄ በኋላ ያደጉት ማኅበራት ኃይላቸው ከላይ ካለ መሪ ይልቅ በየሥራው ቦታ በተመረጡ ወኪሎች ላይ ነበር። በ1979 መንግሥት በዊሃን ኮሚሽን ምክር ሊቈጣጠራቸው አስቦ ሕጋዊ ዕውቅና ከፈተላቸው። ቍጥጥሩ ግን አልያዘም። በ1982 የማዕድን ሠራተኞች ብሔራዊ ማኅበር በሲሪል ራማፎሳ ዋና ጸሐፊነት ተቋቋመ፤ በ1985 ኮሳቱ ተመሠረተ። ሰዎቹን ለመጠበቅ የታጠረው ግቢ በሺህ የሚቈጠሩትን በአንድ ማታ የሚሰበስብ አዳራሽ ሆነ። በ1987 ለሦስት ሳምንት የዘለቀው ታላቅ አድማ 50,000 ያህል ሰዎችን ከሥራ ቢያስወጣም ማኅበሩን አላፈረሰውም።

በ1994 የዘር ሕጎቹ ከነመንግሥታቸው አለፉ። የደመወዙ አወቃቀርና የኮንትራቱ ጉዞ ግን በአብዛኛው ቀሩ። ነሐሴ 16 ቀን 2012 በማሪካና የፕላቲኒየም ማዕድን 12,500 ራንድ የወር ደመወዝ ከጠየቁት አድመኞች ፖሊስ 34ቱን ተኵሶ ገደለ። አድመኞቹ የተነሡት ከታወቀው ማኅበር ውጭ ሲሆን፣ የዚያው ማኅበር የመጀመሪያ ዋና ጸሐፊ በዚያ ዓመት የኩባንያው የቦርድ አባል ነበሩ። ከሟቾቹ ብዙዎቹ የመጡት ከምሥራቅ ኬፕ ገጠር፣ አያቶቻቸው በ1946 ከመጡበት ከዚያው አገር ነው።