የፈረስ አመል፦ በመወለድ ወይስ በመገራት?

በአማራ ክልል አዊ ብሔረሰብ ዞን በ1932 ዓ.ም. የተመሠረተው የሰባት ቤት አገው ፈረሰኞች ማኅበር በየዓመቱ ጥር 23 ቀን በእንጅባራ ከተማ በዓሉን ያከብራል። ከዳንግላና ከሌሎች ወረዳዎች የሚመጡት ፈረሶች በሕዝቡ ሆታና ፉከራ መካከል ሳይደነብሩ መጋለባቸው አመል ከየት እንደሚመነጭ ያስጠይቃል።

የመልሱ ከፊል በዘረ መል ውስጥ ይገኛል። የ273 ጥንታዊ ፈረሶችን ዘረ መል መርምሮ እ.ኤ.አ. በ2021 በኔቸር መጽሔት የታተመ ጥናት፣ የዛሬዎቹ ለማዳ ፈረሶች ከ4 ሺህ 200 ዓመታት ገደማ በፊት ከቮልጋና ከዶን ወንዞች አካባቢ ተነሥተው መስፋፋታቸውን አመልክቷል። በእነዚህ ፈረሶች ላይ ተመርጠው ከጎሉት ዘረ መሎች አንዱ ዜድ ኤፍ ፒ ኤም 1 ይባላል። ይኸው ዘረ መል በአንጎል ግንድ ሴሮቶኒን የሚያመነጩ የነርቭ ሕዋሳት በአግባቡ እንዲያድጉ ያስፈልጋል፤ ሥራው በተቋረጠባቸው የቤተ ሙከራ አይጦች ላይም የጭንቀት ባሕርይ አይሎ ታይቷል።

ሆኖም ዘረ መል ብቻውን ፈረስ አይገራም። የደነገጠ እንስሳ አንጎል ያስደነገጠውን ነገር መዝግቦ ያቆያል። ባላገሩ «አመለኛ» የሚለው ፈረስ ብዙውን ጊዜ በጭካኔ የተያዘ ነው። በለጋነቱ የሰው እጅ የለመደ፣ ከልጓምና ከኮርቻ ጋር ቀስ በቀስ የተዋወቀ ውርንጭላ ግን ሆታውን እንደ ስጋት አይቆጥረውም።