ከጥቁር ሰሌዳ ወደ ፓርላማ፦ የፕሮፌሰር ዋንጋሪ ማታይ የ20 ዓመት መንገድ

ባለፈው ሳምንት በታሪክ ክፍለ ጊዜ ስለ ምርጫ ስንነጋገር አንድ ተማሪ እጁን አወጣና «ቲቸር፣ አስተማሪ ቢወዳደር ማን ይመርጠዋል? እኛን እንኳ ዝም ማሰኘት አይችልም!» አለ። ክፍሉ በሳቅ ፈረሰ፤ እኔም ሳቅሁ። ቤት ከገባሁ በኋላ ግን ጥያቄው አልለቀቀኝም። መልሱን ለማግኘት ደግሞ ሩቅ አገር መሄድ አያስፈልግም፤ እዚሁ ምሥራቅ አፍሪካ፣ ኬንያ ውስጥ አለ። (ከዚህ በታች ያሉት ዓመቶች ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ዋንጋሪ ማታይ በ1940 ኒየሪ አካባቢ፣ ኢሂቴ በምትባል መንደር ተወለዱ። በ1960 የትምህርት ዕድል አግኝተው ወደ አሜሪካ ሄዱ፤ ካንሳስ ውስጥ ባዮሎጂ፣ ከዚያም ፒትስበርግ ማስተርሳቸውን ተማሩ። በ1966 የናይሮቢ ዩኒቨርሲቲ ኮሌጅ ሥራ እንደሚሰጣቸው የሚገልጽ ደብዳቤ ይዘው አገራቸው ገቡ። ሲደርሱ ግን ቦታው ለሌላ ሰው ተሰጥቷል ተባሉ። ብዙም ሳይቆይ በእንስሳት ሕክምና አናቶሚ ክፍል ሥራ አገኙ። በ1971 ዶክትሬታቸውን ሲይዙ በምሥራቅና በመካከለኛው አፍሪካ የመጀመሪያዋ ሴት ነበሩ። በ1976 የትምህርት ክፍሉ ኃላፊ፣ በ1977 ደግሞ ተባባሪ ፕሮፌሰር ሆኑ። ለሴት መምህራን የሚሰጠው ጥቅማ ጥቅም ከወንዶቹ ያነሰ ስለነበር እኩል ይሁን ብለውም ታግለዋል።

በዚያው በ1977 የአረንጓዴ ቀበቶ ንቅናቄን ጀመሩ። የገጠር ሴቶች ማገዶ ራቀብን፣ ንጹሕ ውሃ አጣን እያሉ ሲያማርሩ ሰምተው ነበር። ይህን ችግር እኛ የካምፕ ሰዎች ማንም ሳያስረዳን እናውቀዋለን። የእሳቸው መልስ ቀላል ነበር፦ ዛፍ እንትከል።

ወደ ምርጫው እንምጣ። በ1982 በኒየሪ የፓርላማ ወንበር ክፍት ሆነና ዋንጋሪ ለመወዳደር ተነሡ። በዚያን ጊዜ የሚንቀሳቀሰው ፓርቲ ካኑ ብቻ ነበር። ሕጉ ደግሞ የዩኒቨርሲቲ መምህር መጀመሪያ ሥራውን ይልቀቅ ይላል። 16 ዓመት ያስተማሩበትን ሥራ ለቀቁ። ከለቀቁ በኋላ «በ1979 ምርጫ የመራጭነት ምዝገባዎን አላደሱም፣ ስለዚህ መወዳደር አይችሉም» ተባሉ። ፍርድ ቤት ሄዱ፤ አልተሳካም። ወዲያው ወደ ዩኒቨርሲቲው ተመልሰው ሥራዬን መልሱልኝ ቢሉም እምቢ ተባሉ። ዩኒቨርሲቲው የሰጣቸውንም ቤት ልቀቁ ተባሉ። የሦስት ልጆች እናት ከሁለት ያጣ ጎመን ሆኑ፤ ምርጫውም ሥራውም ቀረ። ሁሉም በአንድ የምዝገባ ወረቀት ሰበብ ነው። ወረቀት የሰውን ሕይወት እንዴት እንደሚይዝ ለዚህ ጋዜጣ አንባቢ መንገር አያስፈልገኝም።

እዚህ ላይ ታሪኩ ያበቃ ይመስላል። እኔ ግን ዋናው ትምህርት ከዚህ የሚጀምር ይመስለኛል። ዋንጋሪ ማስተማራቸውን አላቆሙም፤ የቀየሩት ክፍሉን ነው። ጊዜያቸውን በሙሉ ለችግኙ ሥራ ሰጡ። የመንግሥት የደን ባለሙያዎች ዛፍ ለመትከል ዲፕሎማ ያስፈልጋል ሲሉ፣ እሳቸው ግን ማንበብ ለማይችሉት ሴቶች ዘር መልቀምና ችግኝ ማፍላት አሳዩአቸው። እነዚያን ሴቶች «ዲፕሎማ የሌላቸው የደን ባለሙያዎች» ይሏቸው ነበር። እኔ ዩኒቨርሲቲ ሦስተኛ ዓመት ላይ ያቋረጥኩ ሰው ነኝ፤ ይህችን አባባል ሳነብ ደጋግሜ አነበብኳት።

በ1989 መንግሥት በናይሮቢ ኡሁሩ ፓርክ ላይ ባለ 60 ፎቅ ሕንፃ ሊሠራ ሲል ተቃወሙ። ተሰደቡ፣ ቢሯቸውንም ተነጠቁ፤ ሕንፃው ግን ቀረ። በ1992 የፖለቲካ እስረኞች እናቶች በዚያው ፓርክ የረሃብ አድማ ሲያደርጉ አብረዋቸው ነበሩ፤ ፖሊስ ሲደበድብ እሳቸውም ተመትተው ሆስፒታል ገቡ። በ1997 ለፕሬዝዳንትነትና ለፓርላማ ተወዳደሩ። ድምፅ ሊሰጥ ሲል ከውድድሩ ወጥተዋል የሚል ወሬ ተነዛ፤ ያገኙት ድምፅም ጥቂት ሆነ።

በ2002 ተቃዋሚዎች ተባብረው ሲቀርቡ ዋንጋሪ በቴቱ ምርጫ ክልል ቆሙ፤ 98 በመቶ ድምፅ አገኙ። ከ1982 እስከ 2002 ቁጠሩት፤ 20 ዓመት ነው። በ2003 የአካባቢ ጥበቃ ረዳት ሚኒስትር፣ በ2004 ደግሞ የኖቤል የሰላም ሽልማት ያገኙ የመጀመሪያዋ አፍሪካዊት ሴት ሆኑ። በዚያን ጊዜ የተተከለው ዛፍ ወደ 30 ሚሊዮን ደርሶ ነበር።

ታሪክ ስንጽፍ ግን ጎዶሎውንም መጻፍ አለብን። በ2007 ምርጫ ወንበራቸውን አጡ። በ2011 አረፉ። ወንበሩ የቆየው አምስት ዓመት ያህል ብቻ ነው፤ ዛፎቹን ግን ዛሬም ሰው ይጠለልባቸዋል።

እንግዲህ ለዚያ ተማሪዬ የምመልስለት ይህንን ነው፦ አስተማሪን ማን ይመርጠዋል ላልከው፣ ያስተማራቸው ሰዎች ይመርጡታል። ጊዜ ግን ይወስዳል። እስከዚያው ድረስ እባክህ ዝም በልና ደብተርህን አውጣ።